ፍሬ ነገር የማይነገርበት ችሎት

ጎረቤቴ ጋሼ ደርበው መሬቴን የወሰደብኝ ቀን እያለቀሰ ቤቴ መጣ። ደጃፉ ላይ ቆሞ ባርኔጣውን በሁለት እጁ እየጨመቀ፣ «መዲናዬ፣ ጉድ ሆንኩልሽ፤ መሬትሽን ለኔ ፈረዱት» አለኝ። እኔ ቁርሴን እየበላሁ ነበር፤ ጉርሻዬን ሳህኑ ላይ መለስኩት።

«ማነው የፈረደው?»

«አጣሪው ነዋ! ወላዲቷን፣ አልከሰስኩ፣ አልጠየቅሁ። ጠዋት ስነሳ ስልኬ 'እንኳን ደስ ያለዎት' ይለኛል።»

ይሄ የሆነው በ2094 ዓመተ ምሕረት ነው፤ መርሳ አጠገብ፣ ጊራና ሸለቆ ውስጥ፣ የሽንኩርት ችግኝ በምናዛውርበት ሰሞን። በየማሳችን ጥግ እግር ቆጣሪ ቆሟል። ቀጭን ዘንግ ነው፤ እኔ ፍየል አስርበታለሁ። እሱ ግን ፍየል ታሰረበት አልታሰረበት፣ የማን እግር የማንን መሬት እንደረገጠ ሲቆጥር ይውላል፤ አጣሪው የሚሉት የማሽን ዳኛ በየአሥር ዓመቱ ይደምርና ባለይዞታው እከሌ ነው ይላል። ምስክር የለ፣ ሽማግሌ የለ፣ መሐላ የለ። የቅድመ አያቶቻችን መፈክር «መሬት ላራሹ» ነበር አሉ፤ በኛ ዘመን መሬት ለረገጠው ሆነች።

እኔ ደግሞ ጉልበቴን ካመመኝ ሰንብቷል። ስለዚህ በወንፈላችን ጋሼ ደርበው ከነልጆቹ የኔን ማሳ ያርሳል፣ ይኮተኩታል፣ ዝንጀሮ ይጠብቃል። እኔ በፋንታዬ እሱ ጓሮ ቁጭ ብዬ የሁለታችንንም ችግኝ አፈላለሁ፣ ሽንኩርት እለቅማለሁ፣ ከሚስቱ ከእትዬ የሺሐረግ ጋር አገር ምድሩን አማለሁ። ወንፈል ይሄው ነው፤ ዛሬ ላንተ፣ ነገ ለኔ። አጣሪው ግን ወንፈል የሚባል ነገር በሕልሙም አያውቅ። ሲደምር እኔ በገዛ መሬቴ ላይ አልፎ ሂያጅ ሆኜ ተገኘሁ። እንዲያውም የእትዬ የሺሐረግን ጓሮ ለኔ ሊፈርድልኝ ትንሽ ነው የቀረው። አጃኢብ!

«ታዲያ አልፈልግም በላቸዋ!» አልኩት።

«ብያለሁ! ተቀብዬ ልመልስላት ብልም አይፈቀድም፤ አልፈልግም ካልክ ወደ መሬት ባንክ ይገባል አሉኝ። ባንኩ ለሶላር ድርጅት ይሰጠዋል። ቤትሽም ይፈርሳል ማለት ነው።»

ያን ጊዜ ነው እውነቱ የገባኝ። ዝም ካልኩ መሬቴ የሱ ነው፤ እሱ እምቢ ካለ የሶላር ነው። ቤቴ፣ ማሳዬ፣ ዕድሜዬን የኖርኩበት፣ ከሁለት አንዱ ጋ መሄዱ ነው። ተቀምጬ አለቀስኩ፤ ጋሼ ደርበውም አጠገቤ ተቀምጦ አለቀሰ። የከሰሰም የተከሰሰም ሳይኖር ተረቺና ረቺ አብረው ሲያለቅሱ ያየ ይኖራል?

ይግባኝ አልን። ይግባኝ ሰሚው የአጣሪው ታላቅ ወንድም በሉት፤ ያንኑ ቆጠራ አይቶ ያንኑ አለ። ፍርዱ የደረሰው ሻዬን ጠጥቼ ሳልጨርስ ነው። የቀረን ሰበር ችሎት ብቻ ሆነ። ሰበር ላይ ሰው አለ። አምስት ዳኞች፣ የሚያስነጥሳቸው፣ የሚርባቸው፣ ደሴ ጦሳ ተራራ ሥር የሚያስችሉ።

ሰበር ግን የሚያየው የሕግ ስህተት ብቻ ነው። መሬቱ የማን ነው፣ ማን አረሰው፣ ማን ምን አደረገ የሚለው ፍሬ ነገር እታች አልቋል፤ አይነካም። ይሄ ድንበር ዱሮም ነበር ይላሉ። ዱሮ ግን ዳኛው ሰው ነውና ጆሮው ይሰማል፣ ሆዱ ይባባል፣ ሳይታወቀው ድንበሩን ተሻግሮ ይገኛል። ስለዚህ ዘመኑ መላ ዘየደ፤ ፍሬ ነገር ችሎቱ ውስጥ ጭራሽ እንዳይነገር ተደረገ። ዳኞቹ መስታወት ማዶ ይቀመጣሉ፤ ወዲህ ያለው ተናጋሪ ፍሬ ነገር ሲያነሳ ማይኩ ድምፁን ይቆርጠዋል። አፍህ ይንቀሳቀሳል፣ ድምፅ የለህም።

ዳኞቹም ቢሆኑ ያሳዝናሉ። ከቤታቸው ወደ ችሎት የሚመጡት መጋረጃው በተዘጋ መኪና ነው። ማሳ ማየት ክልክል፣ የሰፈር ወሬ መስማት ክልክል፣ ለቅሶ ቤት መቀመጥ ክልክል። ሽንኩርት እንኳ የሚገዛላቸው ከየት እንደመጣ ሳይነገራቸው ነው አሉ።

ጠበቃዬ ሩሐማ ትባላለች። ሥራዋ ሰው ፍሬ ነገር ሳያነሳ እንዲከራከር ማስተማር ነው። የችሎቱን ማይክ የሚመስል ትንሽ መለማመጃ አላት፤ ፍሬ ነገር ሲሰማ ጢጥ ይላል።

«እስቲ ይሞክሩ፣ እትዬ መዲና።»

«መሬቱ የኔ ነው።» ጢጥ!

«የማን ነው የሚለው አልቋል። አይባልም።»

«እሺ። ጎረቤቴ ጋሼ ደርበው...» ጢጥ!

«ጎረቤት መሆናችሁም ፍሬ ነገር ነው። እርስዎ አመልካች ነዎት፣ እሳቸው ተጠሪ ናቸው፣ መሬቱ የክርክሩ ነገር ነው። በቃ።»

«አላህ ያውቃል እኮ ልጄ!» ጢጥ!

ሩሐማ ራሷ ደነገጠች። «ይሄስ ለምን ጮኸ? ማን ምን እንደሚያውቅ መናገርም ማስረጃ ነው መሰለኝ» አለች።

ደሜ ፈላ። «በሕግ አምላክ!» ብዬ ጮህኩ። መለማመጃው ጸጥ አለ። ሩሐማ ብድግ ብላ አጨበጨበች፤ «ይህቺን ይያዙ! ይህቺ ታልፋለች!»

ከዚያ ወደ ጋሼ ደርበው ዞረች። «እርስዎ ደግሞ መቃወም አለብዎት። ተጠሪ ካልተቃወመ ተመሳጥረዋል ይባላል። የተመሳጠሩ ሰዎች መሬት ቀጥታ ወደ ባንክ ነው።»

«እኔ? መዲናን ልቃወም?»

«አንዲት ዓረፍተ ነገር ብቻ። 'የአመልካች አቤቱታ የሕግ መሠረት ስለሌለው ውድቅ ይደረግልኝ።' እሷን ብለው ይቀመጡ። ሌላውን እኔ ከእትዬ መዲና ጋር እወጣዋለሁ።»

ወደ ደሴ የሄድነው በባቡር ነው። እትዬ የሺሐረግ ዳቦ ከነአዋዜው በአንድ ምሳ ዕቃ ቋጥራልን፣ አመልካችና ተጠሪ ጎን ለጎን ተቀመጥን። ባቡሩ እንደተነሳ ልምምድ ጀመርን።

«እስቲ ክፉ ፊት አሳየኝ» አልኩት።

ፊቱን ቋጠረ። ሆዱን የቆረጠው ሰው መሰለ እንጂ ክፉ አልሆነም።

«'ይቺ ሴት ቀጣፊ ናት' ብለህ ተሟሟቅ፤ ከዚያ ዓረፍተ ነገሯን ትላታለህ።»

«ይቺ ሴት...» አለና አንገቱን ደፋ። «ይቺ ሴት ጉልበቷን ያማታል።»

ፊት ለፊታችን የተቀመጠች አንዲት የወልድያ ነጋዴ ሳቋን መያዝ አቃታት። ነገሩን ስንነግራት እሷም አሠልጣኝ ሆና አረፈችው። «አባቴ፣ ድምፅዎን ጠንከር! ጣትዎን ቀሰር! ባለዕዳዎን ያገኙ ይምሰሉ!» ውጫሌን ስናልፍ ጣቱን መቀሰር ቻለ። ሐይቅ ስንደርስ ዓረፍተ ነገሯ ሙሉ ወጣች፦ «የአመልካች አቤቱታ የሕግ መሠረት ስለሌለው ውድቅ ይደረግልኝ፤ ይቅር በይኝ መዲናዬ።»

«ይቅር በይኝን ተዋት!» አልነው እኔና ነጋዴዋ አንድ ላይ። መንገደኛው ሁሉ ሳቀ። ነገ መሬቴን የማጣ ሴት እንደዚያ መሳቄ ራሴን ገረመኝ።

ችሎቱ ሰፊ፣ ነጭ፣ ቀዝቃዛ ነው። በመስታወቱ ማዶ አምስቱ ዳኞች ጥቁር ካባቸውን ለብሰው ተደርድረዋል። ሰብሳቢው ቅንድባቸው የበዛ ሽማግሌ ናቸው፤ በግራቸው ዓይናቸው ስል የሆነ ሴት ዳኛ አሉ። ስማቸውን የሚነግር የለም። ስምም ፍሬ ነገር ነው።

«አመልካች፣ ይቀጥሉ» አሉ ሰብሳቢው።

ሩሐማ ያስጠናችኝን ጀመርኩ። የሥር ፍርድ ቤት ሳይሰማን ፈርዷል፣ ሳይሰሙ መፍረድ የሕግ ስህተት ነው፣ እያልኩ በደንብ ወረድኩ። መልካም ሄደ። መልካም ሲሄድልኝ ደግሞ ምላሴ አያርፍም፤ «ያገራችን ሰው ነገርን ከሥሩ፣ ውኃን ከጥሩ ይላል» ማለት አማረኝ። ውኃ ስል ማይኩ ቆረጠኝ። መስኖ መሰለው! እኔ ሳላውቅ እጄን እያወናጨፍኩ ቀጠልኩ፤ ዳኞቹ እንደ ዓሣ አፌን ስከፍትና ስገጥም ያዩኛል። ሩሐማ ቀሚሴን ጎተተችኝ። ደንግጬ፣ «በሕግ አምላክ!» ስል ድምፄ ድንገት ተመልሶ አዳራሹን ነቀነቀው፤ በር ላይ ያለው ፖሊስ ብድግ አለ። የቀኙ ዳኛ አፋቸውን በእጃቸው ሲሸፍኑ አይቻለሁ።

ሴቷ ዳኛ ግን አልሳቁም። «አጣሪው ተከራካሪዎችን እንዲሰማ የሚያስገድደው ሕግ የትኛው ነው?» አሉ።

ሩሐማ ወረቀቷን አገላበጠች። ሕጉ የለም፤ አጣሪው እንዲቆጥር እንጂ እንዲሰማ ያዘዘው የለም። በቃ፣ አለቀ፣ አልኩ በልቤ።

«ተጠሪ፣ መልስዎ?»

ጋሼ ደርበው ተነሳ። ጣቱን ቀሰረ። ነጋዴዋ እንዳሠለጠነችው ደረቱን ነፋ።

«ክቡር ፍርድ ቤት፣ የአመልካች አቤቱታ የሕግ... የሕግ...»

ዞሮ አየኝ። በዓይኔ፣ «በላ! በላት!» አልኩት። የተቀሰረችው ጣት ቀስ እያለች ወረደች። ደረቱም ተነፈሰ።

«አልችልም» አለ። «እሷ ያለችውን ነው የምለው።»

ማይኩ አልቆረጠውም። ቃሏ ጥርት ብላ መስታወቱን አልፋ ሄደች። ከዚያ በኋላ ያለው ግን ሁሉ ተቆረጠ፤ ስለ ወንፈላችን፣ ስለ ጉልበቴ፣ የሺሐረግ በታመመች ጊዜ ስላስታመምኳት፣ እያለቀሰ ብዙ ነገር አወራ። እኔ አጠገቡ ነኝና ሰማሁት። ዳኞቹ የሰሙት «እሷ ያለችውን ነው የምለው» የምትለዋን ብቻ ነው።

ሩሐማ ፊቷን በሁለት እጇ ሸፈነች።

«ይህ ግልጽ መመሳጠር ነው» አሉ ሴቷ ዳኛ። «መዝገቡ ወደ መሬት ባንክ ሊላክ ይገባል።»

ሰብሳቢው ቅንድባቸውን በጣታቸው አሻሹ።

«ለመሆኑ» አሉ፣ «መመሳጠር ሕግ ነው ወይስ ፍሬ ነገር?»

ሴቷ ዳኛ አፋቸውን ከፈቱ። ገጠሙ። እንደገና ከፈቱ። «ሁለት ሰዎች በልባቸው ምን ይዘው እንደመጡ ማወቅ... ፍሬ ነገር ነው» አሉ።

«እኛ ፍሬ ነገር እናያለን?»

«አናይም።»

«እንግዲያው መመሳጠራቸውን አላየንም። ያየነው ምንድን ነው?»

ሴቷ ዳኛ ጋሼ ደርበውን አዩ፣ እኔን አዩ። ያ ስል ዓይናቸው ሲለሰልስ በመስታወቱ ውስጥ ታየኝ። «ክርክር የሌላቸው ተከራካሪዎች» አሉ።

ለውሳኔ ተነሱ። እኛም ኮሪደር ላይ ወጥተን አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀመጥን። የሆነው ነገር ለበጎ ይሁን ለክፉ ሩሐማም አታውቅም፤ እንዲህ ያለ ነገር ገጥሟት አያውቅም። እኔ ግን በጋሼ ደርበው ተቃጥያለሁ።

«አንዲት ዓረፍተ ነገር! ከመርሳ እስከ ደሴ የተለማመድናት አንዲት ዓረፍተ ነገር!»

«አውቃለሁ።»

«ሶላር ሲተከልበት ያን ጊዜ ታለቅሳታለህ!»

«መዲና» አለኝ፣ «መሬትሽን መውሰዴ ሳያንስ ሰው ፊት ቆሜ ውሸታም ናት ልበልሽ? እሱን ብዬ የሺሐረግ ቤት በየት በኩል እገባለሁ?»

አንጀቴን በላው። ምሳ ዕቃውን ከፍቼ ዳቦ ቆረስኩና አዋዜ አጥቅሼ ሰጠሁት። ለሩሐማም ሰጠኋት። ካነጋገር ይፈረዳል የሚባለው እውነት ከሆነ፣ እንዳነጋገሩ ይፍረዱልን፣ ብዬ ለአላህ ሰጠሁት።

ስንጠራ ፍርዱን ያነበቡት ሰብሳቢው ናቸው።

«አመልካች አንድ ነገር ይላሉ። ተጠሪ ያንኑ ይላሉ። ክርክር ማለት አንዱ ያለውን ሌላው ሲክደው ነው። ያልተካደ ነገር አይጣራም። የሥር ፍርድ ቤት ክርክር በሌለበት ፍሬ ነገር አጣራሁ ማለቱ መሠረታዊ የሕግ ስህተት ነው። የክርክሩ ነገር ለማን እንደሚገባ ይህ ችሎት አያውቅም፣ እንዲያውቅም አይፈቀድለትም። የሥር ውሳኔ ተሽሯል። ነገሩ ሁለቱ ወገኖች በሚሉት ይጽና፤ እነሱ ያውቁታል።»

እንደገባኝ እልል አልኩ! ማይኩ ግራ ገባው፤ እልልታ ሕግ ነው ፍሬ ነገር? አንዴ ይቆርጠኛል፣ አንዴ ይለቀኛል፤ መስታወቱ ማዶ የደረሰው ቁርጥራጭ እል፣ እል፣ እል ነው። የቀኙ ዳኛ አሁን አፋቸውን መሸፈኑንም ትተው ሳቁ። ጋሼ ደርበው አንስቶ ሊያቅፈኝ ሞክሮ ወገቡን ያዘው። መሬቴ የኔ ነው! ቤቴ ቤቴ ነው! ሩሐማ እዚያው ቆማ እየሳቀች ታለቅሳለች።

ኮሪደሩ ላይ ወጥተን እየተሳሳምን ሳለ የጎን በር ተከፈተ። ሰብሳቢው ዳኛ ናቸው፤ ካባቸውን አውልቀው በሹራብ ብቻ። ፖሊሱ ደንግጦ ሰላምታ ሰጠ። እሳቸው ልክ ማር ሊሰርቅ እንደወጣ ልጅ ወዲያና ወዲህ አዩ።

«መዝገቡ ተዘግቷል» አሉ ለሩሐማ፣ ፈቃድ እንደሚጠይቅ ሰው። «ሕጉ የሚከለክለኝ ከፍርድ በፊት እንዳልሰማ ነው። ስለ ኋላው አንድም የሚለው የለም። አሁን ገብቼ አነበብኩት።» ከዚያ ወደኔ ዞሩ። «እመቤቴ፣ ቢያስቸግርዎትም... ምን ይበቅልበታል?»

እኚህ ሰው ስንት ዓመት በመሬት ሲፈርዱ ኖረው አንድ ማሳ አላዩም። እንዴት አዘንኩላቸው! እንዴትስ ደስ አለኝ!

«ጌታዬ፣ ከየት ልጀምር?» አልኩ። ጀመርኩም። የሚቆርጠኝ የለ! አፈሩ ጥቁር መሆኑን፣ ዝናብ ሲመታው ጫማ ይዞ እንደሚያስቀር። ጠዋት የመስኖው ውኃ ሲለቀቅ ሽንኩርቱ መደብ ውስጥ እየተሽሎከለከ እንዴት እንደሚገባ። የቤቴ ቆርቆሮ በበረዶ ጊዜ ሰው እንደማያነጋግር። ዝንጀሮዎቹ ሴት መሆኔን አይተው እንደሚንቁኝ፣ ጋሼ ደርበውን ግን እንደሚፈሩት። ሽማግሌው ዓይናቸውን ጨፍነው፣ «እህ፣ እህ» ይላሉ። ስለ በቆሎ እሸቱ ስነግራቸው ምራቃቸውን ዋጡ።

«ድንበሩ ላይ ደግሞ» አልኩ፣ «እኔ የተከልኳት ሎሚ አለች፤ ዓመቱን ሙሉ...»

«ማን የተከላት?» አለ ጋሼ ደርበው።

«እኔ።»

«መዲና! ሎሚዋን እኮ የተከልኳት እኔ ነኝ። ከመርሳ ችግኟን ያመጣት ማን ሆነና?»

«አምጥተህ ጥለሃት ሄድክ! ማን ቆፈረላት? ማን ውኃ አጠጣት?»

«ጉድጓዱንማ ልጄ ነው የቆፈረው!»

«ልጅህ የዚያን ቀን ወልድያ ነበር!»

«ኧረ ስለ ፈጠራችሁ ዝም በሉ!» ሩሐማ ሁለታችንንም ክንዳችንን ያዘች፤ ፊቷ ገርጥቷል። ሽማግሌው ግን ግድግዳውን ተደግፈው እስኪያስላቸው እየሳቁ ነበር። ዕንባቸውን በሹራባቸው እጅጌ ጠረጉ።

«ይህችን ውስጥ ብታነሷት ኖሮ» አሉ፣ «ክርክር አለ ብዬ አሰናብታችሁ ነበር!»

ከዚያ አግዳሚው ወንበር ላይ መሐላችን ገብተው ተቀመጡ። የተረፈውን ዳቦ ብሰጣቸው ተቀበሉኝ። ጎንበስ ብለው ተመቻቹና አንዴ እኔን፣ አንዴ እሱን አዩ።

«በሉ እንግዲህ ከመጀመሪያው» አሉ። «ሎሚዋን ማን ተከላት?»

«እኔ!» አልን ሁለታችንም በአንድ አፍ።